መንፈሱ እንዲታመን ዘበኛውን ይብረደው፦ እውንና ምትሃት የተቀላቀሉበትን ዘመን ተሻጋሪ ተውኔት ለመድረክ ማዘጋጃ መመሪያ

ሌሊት ነው። በግንብ አናት ላይ ሁለት ዘበኞች ተራ ሊቀያየሩ ይገናኛሉ። «ማነው?» ብሎ የሚጮኸው በጥበቃ ላይ ያመሸው ሳይሆን ሊተካው የመጣው ነው፤ ጠያቂና ተጠያቂ ቦታ ተለዋውጠዋል። ያመሸው ዘበኛ ብርዱ ክፉ እንደሆነና ልቡም እንደከፋው ይናገራል፤ ሌሊቱ ግን ጸጥ ያለ ነበር፣ አይጥ እንኳ አልተንቀሳቀሰችም። «ሐምሌት» የሚከፈተው በዚህ ነው። የሐምሌት አባት የሆነው የሞተው ንጉሥ ገና በመንፈስ ብቅ አላለም። ሆኖም ሼክስፒር እ.ኤ.አ. በ1600 ገደማ ይህን ገጽ ሲጽፍ የመንፈሱን ግማሽ ሥራ ጨርሷል። ብርድ የሚያንቀጠቅጠው ሰው መንፈስ መጣ ብሎ ሲደነግጥ፣ ውሸቱን ነው ለማለት ይከብዳል።

እንዲህ ያለውን ተውኔት የሚያዘጋጅ ሰው ግን ብዙ ጊዜ ከሌላው ጫፍ ይጀምራል። መንፈሱ ምን ይልበስ፣ ጭሱ ከየት ይምጣ፣ መብራቱ ሰማያዊ ይሁን አረንጓዴ እያለ ሳምንታት ያባክናል። እኔም አባክኛለሁ። ገና ጀማሪ ሳለሁ ባዘጋጀሁት አንድ ተውኔት ላይ የተከራየሁት የጭስ ማሽን መድረኩን ሞልቶ ወደ ፊተኛው ረድፍ ወረደ። ሟቹ አባት ለልጁ ምሥጢሩን በሚገልጥበት ሰዓት አዳራሹ በሳል ተናወጠ፤ ከምሥጢሩ አንድ ቃል የሰማ ሰው አልነበረም። ከዚያ ወዲህ ሥራዬን የምጀምረው ከዘበኛው ነው።

ከዚህ በታች የምዘረዝረው ከመጀመሪያው ንባብ እስከ መክፈቻው ዋዜማ የምከተለው መንገድ ነው፤ የምጠቅሳቸው ዓመታት ሁሉ በአውሮፓ አቆጣጠር ናቸው። «እውን» የምለው በዕለት ተዕለት ኑሮ ሊሆን የሚችለውን ነው። «ምትሃት» የምለው ደግሞ ሙታን፣ አማልክት፣ ጠንቋዮችና የማይታዩ ፍጡራን የሚገቡበትን ክፍል ነው። አሪስቶትል ስለ ድራማ ሲያስተምር፣ የማይቻል ሆኖ የሚያሳምን ነገር የሚቻል ሆኖ ከማያሳምን ነገር ይሻላል ብሎ ነበር። ችግሩ ያ ማሳመን በልምምድ አዳራሽ ውስጥ፣ በሰው አካልና በጥቂት ቁሳቁስ እንዴት እንደሚሠራ ነው።

አንደኛ፦ በሦስት እርሳስ ያንብቡ

የመጀመሪያውን ንባብ ያለ እርሳስ፣ በአንድ መቀመጫ ይጨርሱ። ያን ጊዜ የደነገጡበትን ቦታ ያስታውሱት፤ ኋላ ተውኔቱን እየለመዱት ሲሄዱ ያ ድንጋጤ አይመለስም።

በሁለተኛው ንባብ ሦስት እርሳሶች ይያዙ። በጥቁር በእውኑ ዓለም ሊሆን የሚችለውን፣ በቀይ ፈጽሞ ሊሆን የማይችለውን፣ በሰማያዊ ደግሞ ተውኔቱ ራሱ ያልወሰነውን ያስምሩ። ሰማያዊው መስመር ከሁለቱ ይበልጣል፤ አዘጋጅ ደመወዝ የሚበላው በእሱ ነው።

የሼክስፒርን «ማክቤዝ» እንውሰድ፤ ንጉሡን ገድሎ ዙፋኑን የሚይዝ የጦር አዛዥ ታሪክ ነው። ሦስቱ ጠንቋዮች ቀይ ናቸው፤ ማክቤዝ ብቻ ሳይሆን ባልደረባው ባንኮም አይቷቸዋል፣ አነጋግሯቸዋል። ከግድያው በፊት በአየር ላይ የሚታየው ጩቤ ግን ሰማያዊ ነው፤ ማክቤዝ ራሱ የዓይኑ ነው ወይስ የአእምሮው ትኩሳት የወለደው እያለ ይጠራጠራል። ሚስቱ እመቤት ማክቤዝ በእንቅልፍ ልቧ እየሄደች እጇን የምትፋትግበት ትዕይንትስ? ብዙ አዘጋጆች ሙዚቃና ጥላ እየጨመሩ ምትሃት ያደርጉታል። ጽሑፉን በጥሞና ያነበበ ሰው ግን ንጹሕ ጥቁር ሆኖ ያገኘዋል። አጠገቧ ሐኪም ቆሟል፤ የምትናገረውን ሊመዘግብ ተዘጋጅቷል፤ አንዲት አገልጋይም ልማዷን ታስረዳዋለች። ይህ የሕመምተኛ ምርመራ ነው። የሚያስፈራውም ስለዚህ ነው።

አንድ ጥንቃቄ፦ በታተሙ የቆዩ ተውኔቶች ውስጥ በቅንፍ የሚገኙ የመድረክ መግለጫዎች ሁሉ የጸሐፌ ተውኔቱ አይደሉም፤ ብዙዎቹን ዘግይተው የመጡ አርታዒዎች ጨምረዋቸዋል። መግለጫውና ቃለ ተውኔቱ ሲጋጩ ቃለ ተውኔቱን ይመኑ።

ሁለተኛ፦ የምስክሮች ሠንጠረዥ ይሥሩ

ከመመሪያው ሁሉ አንድ ደረጃ ብቻ ይምረጡ ብባል የምመርጠው ይህን ነው። በአንድ ወረቀት ላይ ምትሃታዊ ክስተቶችን በቁመት፣ በየትዕይንቱ የተገኙ ገጸ ባሕርያትን በአግድም ይጻፉ። በየሳጥኑ «ያያል»፣ «ይሰማል»፣ «አያይም» ብለው ይሙሉ።

ለሐምሌት ሲሞሉት የሚወጣው ውጤት ያስደንቃል። በመጀመሪያው ገቢር መንፈሱን አራት ሰዎች ያዩታል፦ በርናርዶ፣ ማርሴለስ፣ ሆሬሾና ሐምሌት። ሆሬሾ ደግሞ የተማረ ተጠራጣሪ ነው፤ ዘበኞቹ ነገሩን ሲነግሩት ቅዠት ነው ብሎ ነበር። ሼክስፒር ማስረጃውን እንደ ችሎት ነው የደረደረው፤ ሁለት ተራ ምስክሮች፣ ከዚያ አንድ የማያምን፣ በመጨረሻ ባለጉዳዩ። በሦስተኛው ገቢር አራተኛ ትዕይንት፣ በእናትየው ክፍል ውስጥ ግን መንፈሱ ሲመጣ የሚያየው ሐምሌት ብቻ ነው። ንግሥቲቱ ልጇ ከባዶ አየር ጋር ሲነጋገር እያየች ትሸበራለች። ያው መንፈስ፣ ያው ተውኔት፤ ሕጉ ግን ተለውጧል። ለምን? መልሱን ጽሑፉ አይሰጥም፤ እርስዎና ንግሥቲቱን የምትጫወተው ተዋናይት ግን መልስ ሳትይዙ ወደ ልምምድ መግባት አትችሉም። በእርግጥ አላየችውም? ወይስ አይታው ማየቷን መቀበል አቃታት?

ግሪኮች ይህን ጨዋታ ቀድመው ያውቁታል። ከክርስቶስ ልደት በፊት በ458 በቀረበው የኤስኪለስ ሦስትዮሽ ተውኔት ውስጥ፣ በሁለተኛው ክፍል መጨረሻ እናቱን የገደለው ኦሬስቴስ የበቀል አማልክቱን ያያል፤ አጠገቡ ያለው ኅብረ ዝማሬ፣ ማለትም በአንድነት የሚዘምረው የመድረክ ቡድን፣ ግን አያያቸውም። ተመልካቹ ወጣቱ አብዷል ብሎ ሊደመድም ሲል ሦስተኛው ክፍል ይጀመርና አማልክቱ ራሳቸው ኅብረ ዝማሬ ሆነው መድረኩን ይሞሉታል። ኃምሳ ዓመት ቆይቶ፣ በ408 ላይ፣ ዩሪፒደስ ያንኑ ታሪክ ሲያነሣ አማልክቱን መልሶ በሕመምተኛው ራስ ውስጥ ከተታቸው። ኦሬስቴስ አልጋ ላይ ሆኖ ሲጮኽ እኅቱ ኤሌክትራ ይዛው የምታየው ሁሉ የለም ትለዋለች። ሁለቱም ታላላቅ ናቸው፤ አንደኛው ግን የሕግ ጉዳይ ነው፣ ሌላኛው የአስታማሚ ድካም።

ሠንጠረዡ አንድ ተጨማሪ ዓምድ ይፈልጋል፤ ተመልካቹ። በማክቤዝ የግብዣ ትዕይንት የተገደለው ባንኮ መጥቶ በንጉሡ ወንበር ላይ ይቀመጣል። ከእንግዶቹ አንድም ሰው አያየውም፤ የማክቤዝ ሚስትም የምታየው ባዶ ወንበር ነው። እኛስ? እ.ኤ.አ. በ1623 የታተመው የሼክስፒር ሥራዎች ስብስብ መንፈሱ እንደሚገባና በማክቤዝ ቦታ እንደሚቀመጥ ይናገራል። ሲሞን ፎርማን የተባለ ሐኪምና ኮከብ ቆጣሪም በ1611 ተውኔቱን አይቶ መንፈሱ ወንበሩ ላይ መቀመጡን በማስታወሻው ጽፏል። እንግዲህ በዚያ ዘመን ተዋናዩ በአካል ይወጣ ነበር። በኋላ የመጡ ብዙ አዘጋጆች ወንበሩን ባዶ ትተውታል። መንፈሱን ካሳዩን ከማክቤዝ ጋር ነን፤ አሁን ምን ሊያደርግ ነው እያልን እንጨነቃለን። ካላሳዩን ከእንግዶቹ ጋር ተቀምጠናል፤ ይህ ሰው ምን ነካው እንላለን። እኔ ማሳየቱን እመርጣለሁ፤ ምክንያቱም ባዶው ወንበር ነፍሰ ገዳዩን በቀላሉ በሽተኛ አድርጎ ይለቀዋል።

ስለዚህ ዘመናችን የሚወደውን አቋራጭ፣ «ሁሉም በራሱ አእምሮ ውስጥ ነው» የሚለውን፣ ከመጠቀምዎ በፊት ሠንጠረዡን ያማክሩ። የሐምሌትን መንፈስ የአንድ ሰው ቅዠት የሚያደርግ አዘጋጅ በግንቡ ላይ ላሉት ሦስት ሰዎች መልስ የለውም። ወይ ትዕይንቱን ይቆርጠዋል፣ ወይ አራት ሰዎችን ያሳብዳል።

ሦስተኛ፦ ለምትሃቱ ሕገ መንግሥት ይጻፉ

ከአንድ ገጽ አይብለጥ። ፍጡሩ መቼ መምጣት ይችላል? ከየት በኩል? ምን መንካት ይችላል? ምን ያስቆመዋል? ምንስ ይፈልጋል? የሐምሌት አባት በሌሊት ይመጣል፣ ዶሮ ሲጮኽ ይሄዳል፣ ከሐምሌት በቀር ለማንም አይናገርም። በግንቡ ላይ ጥሩር ለብሶ ነው የሚታየው። እ.ኤ.አ. በ1603 በታተመው የመጀመሪያ እትም ግን በሚስቱ ክፍል የሚገባው በሌሊት ልብሱ ነው። ይህችን ዝርዝር ባነበብሁ ቁጥር አዝናለሁ፤ ሰውዬው ወደ መኝታ ቤቱ ነው የተመለሰው።

ሕጉ በጽሑፉ ውስጥ በአንድ ዓረፍተ ነገር ሊቀመጥ ይችላል። በሼክስፒር «የመኻል በጋ ሌሊት ሕልም» ውስጥ የተረት ፍጡራኑ ንጉሥ ኦቤሮን ሰዎች ሲመጡ አይቶ አልታይም ይላል፤ በቃ፣ ከዚያች ቅጽበት ጀምሮ አይታይም። ካባ አያስፈልገውም፣ መብራት አያስፈልገውም። የሚያስፈልገው በመድረኩ ላይ ያሉት ሌሎች ተዋንያን በጭራሽ፣ ለአንዲት ሰከንድ እንኳ፣ እንዳያዩት ብቻ ነው። አንዷ ተዋናይት መንገድ ለመልቀቅ ዘወር ካለችለት ሕጉ ፈረሰ።

«ምን ይፈልጋል» የሚለው ጥያቄ ብዙ ጊዜ ይዘለላል፤ ፍጡራኑም ያን ጊዜ ጌጥ ሆነው ይቀራሉ። በሼክስፒር «ማዕበሉ» ውስጥ አስማተኛውን የሚያገለግለው ኤሪየል መጀመሪያ ሲገባ ማዕበሉን እንዴት እንዳስነሣ ይተርካል፤ ወዲያው ግን ሌላ ሥራ ሲታዘዝ ቃል ስለ ተገባለት ነጻነት ይጠይቃል። አንድ ሙሉ ዓመት ሊቀነስለት ነበርና። የአየር መንፈስ ነው፣ ጥያቄው ግን የሠራተኛና የአሠሪ ነው። ተዋናዩ ክንፍ ከሚለማመድ ይህን ክርክር ቢለማመድ ይሻለዋል።

ለመግቢያና መውጫው ሕግ ከጃፓኑ የኖ ቴአትር የተሻለ አስተማሪ አላውቅም። ወደ መድረኩ የሚወስድ ረጅም ጣሪያ ያለው ድልድይ አለ፤ በፊቱ ሦስት የጥድ ዛፎች ቆመዋል። በ1443 ገደማ የሞተው ዜአሚ ባጎለበተው የሕልም ተውኔት ዓይነት፣ በመጀመሪያ ብዙውን ጊዜ አንድ ተጓዥ መነኩሴ ይመጣና ቦታውን ይነግረናል። ቀጥሎ አንድ ተራ ነዋሪ ይገናኘዋል፣ ስለ ጥንት ታሪክ ያወጋዋል። በሁለተኛው ክፍል ያው ነዋሪ እውነተኛ መልኩን ይዞ፣ ሙት ሆኖ ይመለሳል። ማንም ብልጭ ብሎ አይታይም፤ በድልድዩ ላይ በዝግታ ይመጣል። የእርስዎም መድረክ እንዲህ ያለ አንድ በር ይኑረው፤ በዚያ በር ሕያዋን አይግቡበት።

አራተኛ፦ መሬቱን ያደላድሉ

አሁን ወደ ዘበኛው እንመለስ። ምትሃቱ ከመምጣቱ በፊት ያሉት ደቂቃዎች በሥራ መሞላት አለባቸው፤ ሰዎች አንድ የሚጨበጥ ነገር ሲሠሩ ይታዩ። «ማዕበሉ» የሚጀምረው በአስማተኛው ሳይሆን በመርከበኞች ጩኸት ነው። የመርከበኞቹ አለቃ ሸራ አውርዱ እያለ ያዛል፤ መኳንንቱ ወጥተው ሲጠይቁት ሥራ ታበላሻላችሁ፣ ወደ ክፍላችሁ ግቡ ብሎ ይጮኽባቸዋል። ይህ ማዕበል የአንድ ሰው ጥበብ እንደነበረ የምናውቀው በሚቀጥለው ትዕይንት ነው። አዘጋጁ ቸኩሎ በመጀመሪያው ትዕይንት አስማተኛውን ከኋላ ካቆመው ሁለተኛው ትዕይንት የሚነግረን አዲስ ነገር የለውም።

ግን መሬት ማደላደል ማለት መድረኩን በዕቃ መሙላት አይደለም። በ19ኛው መቶ ዘመን መጨረሻ እውናዊነት ሲነሣ ፈረንሳዊው አንድሬ አንትዋን በ1888 ባዘጋጀው አንድ ተውኔት እውነተኛ የሥጋ ብልቶችን በመድረክ ላይ ሰቅሎ ነበር። በዚያው ዓመት ስዊድናዊው ጸሐፌ ተውኔት ስትሪንድበርግ ለ«ሚስ ጁሊ» በጻፈው መቅድም፣ ሲነኩት የሚወዛወዝ የሸራ በር ሰልችቶኛል ብሎ አማረረ። የሁለተኛው ቅሬታ እስከ ዛሬ ይሠራል፤ በተዘጋ ቁጥር ግድግዳው የሚንቀጠቀጥ በር መንፈስን ብቻ ሳይሆን ባልና ሚስትንም አያሳምንም። የሥጋው ነገር ግን ያጠራጥረኛል። እውነተኛ ሥጋ ዓይንን ይዞ አይለቅም፤ ተመልካቹ ታሪኩን ትቶ ሥጋው ይሸት ይሆን እያለ ያስባል። አርባ ዕቃ ደርድረው አንዱንም ከማይነኩ፣ ተዋንያኑ በእጃቸው የሚሠሩባቸው ሦስት ዕቃዎች ይበቃሉ።

ለአንዱ ዕቃ ደግሞ ረጅም ዕድሜ ይስጡት። በዚህ ረገድ ከኖርዌያዊው ጸሐፌ ተውኔት ኢብሰን «ሮስመርስሆልም» የምማረውን ያህል ከየትም አልተማርሁም። በ1886 የወጣ፣ ስለ ፖለቲካና ስለ ኅሊና የሚከራከሩ የተማሩ ሰዎች ተውኔት ነው። መጋረጃው ሲከፈት ሬቤካ በመስኮት አጠገብ ተቀምጣ ሊያልቅ የተቃረበ ትልቅ ነጭ የሱፍ ሻል ትሠራለች። የቤቱ ሠራተኛ በዚህ ቤት ሞት ሲመጣ ነጭ ፈረሶች ይታያሉ የሚለውን የአካባቢውን ወሬ ታነሣለች፤ ወሬው ወሬ ሆኖ ያልፋል። አራት ገቢር ሙሉ አንድም ፈረስ አይታይም። በመጨረሻ ሮስመርና ሬቤካ አብረው ከወጡ በኋላ ሠራተኛዋ በመስኮት ትመለከትና እዚያ ያለ አንድ ነጭ ነገር ያስደነግጣታል። ሻሉ ነው፤ ሁለቱ ከድልድዩ ላይ ወደ ወፍጮው ውኃ ሲወድቁ ታያለች። ከመጀመሪያው ደቂቃ ጀምሮ በዓይናችን ፊት በመርፌ እየተሠራ የነበረው ያ ነጭ ፈረስ ነበር። ስለዚህ የዕቃ ኃላፊው ሻሉን በተገኘው ጨርቅ እንዲተካው አይፍቀዱ፤ ተዋናይቷም መሥራት የምታስመስል ሳትሆን መሥራት የምትችል ትሁን።

አምስተኛ፦ መሣሪያውን ይምረጡ፤ ደብቀው ወይስ ገልጠው?

ጥንታውያኑ ግሪኮች አማልክትን በእንጨት ክሬን ያወርዱ ነበር። ከክርስቶስ ልደት በፊት በ431 በቀረበው «ሜዲያ» ውስጥ ልጆቿን የገደለችው እናት በፀሐይ አምላክ ሠረገላ ከፍ ብላ ታመልጣለች። አሪስቶትል ይህን መጨረሻ አልወደደውም፤ መፍትሔ ከታሪኩ እንጂ ከማሽኑ መምጣት የለበትም አለ። የእኔ ስሜት ከእሱ ይለያል። ሠረገላው የሚያናድደን ሰማዩ ከእሷ ጋር መቆሙን ስለሚያሳይ ነው፤ ዩሪፒደስም ያንን ንዴት ፈልጎት ይመስለኛል። አሪስቶፋኒስ ደግሞ በ421 በቀረበው «ሰላም» ላይ ጀግናውን በግዙፍ ጥንዚዛ ጀርባ ወደ ሰማይ ሲያስበርረው፣ በአየር ላይ ተንጠልጥሎ የክሬኑን ሠራተኛ እባክህ ተጠንቀቅ ብሎ እንዲለምን አደረገው። ተመልካቹ ሥቆ መብረሩንም ተቀበለ።

የመደበቂያ ዘዴዎችም አሉ። በ1862 በለንደን ለሕዝብ የታየው የፔፐር መንፈስ የሚሠራው ትልቅ መስታወት በ45 ዲግሪ ያህል አጋድሞ በማቆም ነው። ከተመልካች የተደበቀ ተዋናይ በብርቱ ብርሃን ሲበራበት ምስሉ በመስታወቱ ላይ አርፎ በመድረኩ መካከል የቆመ ይመስላል። ጉድለቱ ከመስታወቱ ጀርባ ያለው ተዋናይ መንፈሱን ፈጽሞ አለማየቱ ነው፤ በምልክት ቆጥሮ ወደ ባዶ ቦታ ይፈራል። ሩሲያዊው አዘጋጅ ስታኒስላቭስኪ በ1907 በሞስኮ የተጠቀመበት ጥቁር የቬሉር ጨርቅ ደግሞ ርካሽና አስተማማኝ ነው። ጀርባው በሙሉ ጥቁር ቬሉር ይሁን፣ ብርሃኑ ከጎን ብቻ ይምጣ፣ ጨርቁን አይንካው። በዚያው ጨርቅ የተሸፈነ ሰው ይጠፋል፤ የያዘው ዕቃም በአየር ላይ ይንሳፈፋል። በየቀኑ አቧራውን ካላራገፉት ግን ጥቁሩ ግራጫ ይሆንና ምሥጢሩ ይወጣል።

ገንዘብ አነስተኛ ከሆነ ገልጦ መሥራት ይሻላል። እንግሊዛዊው አዘጋጅ ፒተር ብሩክ በ1970 «የመኻል በጋ ሌሊት ሕልም»ን በነጭ ሣጥን ውስጥ አዘጋጅቶ፣ ተረት የሆኑትን ፍጡራን እንደ ሰርከስ ሰዎች በተንጠልጣይ መወዛወዣ ላይ አስቀመጣቸው፤ በተውኔቱ ውስጥ ፍቅር የሚያስይዘው የአበባ አስማት በዘንግ ላይ የሚሽከረከር ሳህን ሆነ። ዘዴው ሁሉ ፊት ለፊት ይታይ ነበር። አደገኛው መሐል መንገዱ ነው፤ ለመደበቅ ተሞክሮ ያልተደበቀ ገመድ።

ስድስተኛ፦ የሚያየውን ሰው ያለማምዱ

መንፈሱን የሚፈጥረው መንፈሱን የሚጫወተው አይደለም፤ የሚያየው ነው። ስለዚህ ለመንፈሱ ከሚሰጡት የልምምድ ሰዓት ሁለት እጥፍ ለሚያየው ይስጡ።

መጀመሪያ የዓይን ነጥብ ይወስኑ። ብዙ ሰዎች አንድ የማይታይ ነገር ሲያዩ ዓይናቸው በተለያየ ቦታ ካረፈ ተመልካቹ ወዲያው ይነቃል። ዱላ ይዘው እየተራመዱ የዱላው ጫፍ የመንፈሱ ፊት ይሁን፤ ተዋንያኑ እስኪለምዱት ይከተሉት፣ ከዚያ ዱላውን ይውሰዱት።

ቀጥሎ የድንጋጤውን ቅደም ተከተል ያስተካክሉ። ያልሠለጠነ ተዋናይ አፉን ከፍቶ፣ እጁን ዘርግቶ፣ ወደ ኋላ ተንደርድሮ ሁሉንም በአንድ ጊዜ ያደርገዋል። የደነገጠ ሰው ግን መጀመሪያ የሚሠራውን ያቆማል። ትንፋሹ ይያዛል። ዓይኑ ያያል፤ አእምሮው ግን ሌላ ነገር ነው ብሎ ይከራከራል፤ ቃል የሚመጣው ከሁሉም በኋላ ነው። ተዋናዩ ያንን መካከለኛ ክርክር እንዲጫወተው ይጠይቁት። ዘበኛ ነህ፣ ጦርህን ይዘሃል፣ ከሩቅ አንድ ሰው ይመጣል፤ መጀመሪያ ማን ይመስልሃል? «መንፈስ» የመጨረሻው መልስ ይሁን። የስታኒስላቭስኪ «ቢሆንስ» የምትለው ቃል እዚህ ትጠቅማለች። ተዋናዩ በመናፍስት እንዲያምን አይጠየቅም፤ የሞተ አባቱ በዚያ በር ቢገባ መጀመሪያ ምን እንደሚያደርግ ነው የሚጠየቀው። አንድ ጊዜ ይህን ስጠይቅ አንድ ወጣት ተዋናይ «ወንበር እሰጠዋለሁ» አለኝ። ያንን አልቀየርነውም።

መንፈሱን የሚጫወተው ተዋናይ ድምፁን እንዳያንቀጠቅጥ። ለሙቱ መሞት ዜና አይደለም፤ ጉዳይ ይዞ የመጣና ጊዜ ያጠረው ሰው ነው። ግልጽ፣ ፈጣንና ቀጥተኛ ይናገር።

ሰባተኛ፦ ድምፅና ብርሃን፣ በቁጥብነት

ብርሃንን በሚመለከት አንድ ነገር ብቻ እላለሁ፤ ምትሃቱ ሲገባ መብራት አይቀይሩ፣ ወይም ተመልካቹ ሳይነቃ ከብዙ ደቂቃዎች በፊት ቀስ ብለው መቀየር ይጀምሩ። ከመንፈሱ ጋር አብሮ የሚበራ ሰማያዊ መብራት ማስታወቂያ ነው።

ድምፅ ግን ሰፋ ያለ ጉዳይ ነው። እ.ኤ.አ. በ1904 በሞስኮ የቀረበው የሩሲያዊው ቼኾቭ «የቼሪ አጸድ» ሲዘጋጅ ስታኒስላቭስኪ ሁለተኛውን ገቢር በእንቁራሪትና በወፍ ድምፅ ሊሞላው አሰበ። ደራሲው በደብዳቤ ተቃወመ፤ በድርቆሽ አጨዳ ወቅት ያቺ ወፍ አትጮኽም፣ እንቁራሪቶችም ዝም ይላሉ አለ። እንዲህ ያለ የእውን ጠበቃ የሆነ ሰው ነው እንግዲህ በዚያው ገቢር፣ ሰዎቹ ዝም ብለው በተቀመጡበት፣ ከሰማይ እንደመጣ ያለ የተበጠሰ ክር ድምፅ ያስገባው። አንዱ በማዕድን ጉድጓድ ውስጥ ባልዲ ተበጥሶ ይሆናል ይላል፤ ሌላው ወፍ ነው ይላል፤ ሦስተኛው ጉጉት ያደርገዋል። ሽማግሌው አሽከር ከ«መከራው» በፊትም እንዲህ ተሰምቶ ነበር ይላል፤ መከራ የሚለው ገባሮች ነጻ የወጡበትን ጊዜ ነው። ማንም አያረጋግጥም። ድምፁ በተውኔቱ መጨረሻ ይመለሳል፤ ያን ጊዜ የሚያብራራው ሰው እንኳ የለም።

ይህን ድምፅ ሲያዘጋጁ የድምፅ ባለሙያው ምን እንደሆነ ይጠይቅዎታል። አይንገሩት። ሦስቱም ግምቶች ትክክል ሊሆኑ የሚችሉበትን ድምፅ እንዲፈልግ ይንገሩት፤ ሳምንት ይፈጅበታል፣ ይፍጅበት።

ስምንተኛ፦ መመለሻውን ይስፉ

ወደ ምትሃት መግባቱን ሁሉም ይለማመዳል፤ መውጣቱ ግን ይረሳል። በማክቤዝ ንጉሡ ከተገደለ በኋላ በሩ ይንኳኳል። ይንኳኳል፣ ይንኳኳል፤ የሰከረ በረኛ እየተሳደበ፣ የገሃነም በር ጠባቂ ነኝ እያለ እየቀለደ ሊከፍት ይመጣል። እንግሊዛዊው ጸሐፊ ቶማስ ደ ኩዊንሲ በ1823 ስለዚህ ማንኳኳት ብቻ አንድ ድርሰት ጽፏል፤ የተቋረጠው የሰው ልጅ ሕይወት ዳግም መምታት ሲጀምር ነው ከዚያ በፊት የነበረው ጨለማ ምን ያህል ጥልቅ እንደነበረ የሚሰማን ይላል። ትዕይንቱ ረዘመ ብለው በረኛውን የሚቆርጡ አዘጋጆች አሉ። የቆረጡት ቀልዱን ብቻ ሳይሆን ግድያውንም ነው።

በተግባር፦ ከእያንዳንዱ ምትሃታዊ ክፍል በኋላ የመጀመሪያውን ሰብዓዊ ድርጊት ይፈልጉና ያስምሩበት። በር መክፈት፣ ጫማ ማጥለቅ፣ ውኃ መጠጣት። ያ ድርጊት በሙሉ ክብደቱ ይሠራ፤ ተዋናዩ እየተናገረ አይለፈው።

ዘጠነኛ፦ በመክፈቻው ዋዜማ ጀርባዎን ለመድረኩ ይስጡ

ተውኔቱን ያላነበቡ አሥር ያህል ሰዎችን ወደ መጨረሻው ልምምድ ይጋብዙ። ሲያልቅ ወደዳችሁት ወይ ብለው አይጠይቁ፤ ምን ሆነ ብለው ይጠይቁ። ታሪኩን ሲተርኩ «ከዚያ አባቱ መጣ» ካሉ ደኅና ነው። «ከዚያ መንፈስ ሆኖ የሚጫወተው ልጅ ገባ» ካሉ ወደ ስድስተኛው ደረጃ ይመለሱ።

እየታየ ሳለ ግን እርስዎ በጎን ቆመው ተመልካቾቹን ይመልከቱ። ሰዎች በጨለማ ውስጥ ወንበራቸው ላይ ይንቀሳቀሳሉ፣ ጉሮሯቸውን ይጠርጋሉ፣ እግር ያነባብራሉ። ይህ ሁሉ የሚቆምበትን ቅጽበት በማስታወሻዎ ላይ ይያዙ። የቆመው መንፈሱ ከመግባቱ ጥቂት ቀደም ብሎ፣ ዘበኞቹ ተጠጋግተው ስለ ትናንቱ ሌሊት ማውራት ሲጀምሩ ከሆነ፣ ለተዋንያኑ ምንም አይንገሩ፤ ወደ ቤታቸው ሄደው ይተኙ። የቆመው መንፈሱ ከገባ በኋላ ከሆነ ግን፣ ነገ ጠዋት ሁለቱን ዘበኞች ብቻ ይጥሩ።